አቤት የሚባልበት ቀን፡ የቀበሌ ምርጫ ቅሬታና የጊዜ ገደቡ ታሪክ በካፋ

የቀበሌ ምክር ቤት ምርጫ ሲነሳ አብዛኛው ሰው የሚያስታውሰው ሰልፉን፣ የምርጫ ካርዱንና በምርጫ ጣቢያው በር ላይ የተለጠፈውን የውጤት ወረቀት ነው። ከዚያ በኋላ የምትመጣውን አጭር ጊዜ፣ ማለትም ቅር የተሰኘ መራጭ ወይም ዕጩ አቤት የሚልባትን ሰዓትና ቀን፣ የሚያስታውስ ጥቂት ነው። ይሁን እንጂ መብት ብዙ ጊዜ የሚጠፋው በዚህች ጊዜ ውስጥ ነው። ሰውየው እውነት ስለሌለው ሳይሆን ቀኑ ስላለፈበት "ጊዜው አልፏል" ተብሎ ይመለሳል።

ነገሩ በኅብረት ሥራ ዩኒየን የምሥረታ በዓል መጽሔት ላይ መነሳቱ ሊያስገርም ይችል ይሆናል። ነገር ግን የዩኒየኑ አባል የሆነ አርሶ አደር በአንድ በኩል የመሠረታዊ ማኅበሩን ሥራ አመራር ኮሚቴ ይመርጣል፤ በሌላ በኩል የቀበሌውን ምክር ቤት ይመርጣል። የመሬት ድንበር፣ የጫካ ቡና ይዞታ፣ የመንገድ ሥራ፣ የማዳበሪያ ሥርጭት፣ ሁሉም በቀበሌ በኩል ያልፋል። ስለዚህ የቀበሌ ወንበር ትንሽ ወንበር አይደለም። በዚያ ወንበር ላይ የሚነሳ ቅሬታ በየትኛው ዘመን፣ ለማን፣ በስንት ቀን ይቀርብ እንደነበር ማየቱ ለአባላትም ሆነ ለአመራር አካላት ይጠቅማል።

ከንጉሡ አደባባይ እስከ አጥቢያ ዳኛ

ካፋ ራሱን የቻለ መንግሥት በነበረበት ዘመን ንጉሡ ታቶ ይባል ነበር። በጎኑም ሚክሬቾ የሚባል የአማካሪዎች ጉባዔ ነበረው። ሥርዓቱ የሚሠራው በቃልና በሽማግሌዎች ትዝታ ነበር። ውሳኔ በወረቀት ስለማይሰፍር፣ "ውሳኔው ከደረሰህ ስንት ቀን ሆነህ?" የሚል ክርክር የሚነሳበት ምክንያት እምብዛም አልነበረም። የመጨረሻው ታቶ ጋኪ ሸሮቾ በ1890 ዓ.ም. መባቻ በራስ ወልደ ጊዮርጊስ ጦር ተሸንፈው ከተማረኩ በኋላ ግን ካፋ በማዕከላዊው መንግሥት ሥር ገባ። ገበሬውም ገባር ሆነ።

በገባርነቱ ዘመን አቤቱታ የሚባለው ነገር አልጠፋም። የተበደለ ሰው ከጭቃ ሹሙ ወደ በላይ ሹም፣ ከዚያም እስከ ንጉሠ ነገሥቱ ችሎት ድረስ "አቤት" ማለት ይችል ነበር። ችግሩ መንገዱ ነው። ከቦንጋ አዲስ አበባ 460 ኪሎ ሜትር ያህል ይርቃል። በእግርና በበቅሎ ይህን ተጉዞ፣ ደጅ ጠንቶ፣ ስንቅ ጨርሶ የሚመለስ ገባር ጥቂት ነው። አቤት የማለት መብት ነበረ ቢባል እንኳ የሚሠራው ለባለ በቅሎና ለባለ ስንቅ ነበር።

ከጣሊያን መባረር በኋላ በ1934 ዓ.ም. የፍርድ ቤቶችን አወቃቀር የሚደነግገው አዋጅ ቁጥር 2 ወጣ። በ1939 ዓ.ም. ደግሞ በአዋጅ ቁጥር 90 የአጥቢያ ዳኛ ተቋቋመ። የአጥቢያ ዳኛው በፍትሐ ብሔር እስከ 25 ብር፣ በወንጀል እስከ 15 ብር መቀጫ ድረስ የሚደርስ ጉዳይ ይዳኝ ነበር። ለመንደር ጠብ ይህ ቀላል አይደለም። ይሁን እንጂ ዳኛው በገበሬው ድምፅ የተመረጠ አልነበረም። በምርጫ ያልመጣን ዳኛ በተመለከተ ደግሞ የምርጫ ቅሬታ የሚባል ነገር ሊኖር አይችልም።

በ1948 ዓ.ም. የተሻሻለው ሕገ መንግሥት ወጥቶ ከዚያ በኋላ የመጀመሪያው የሕግ መምሪያ ምክር ቤት ምርጫ ተካሄደ። ዕድሜው 21 የሞላ ሰው መምረጥ ይችል ነበር። ለመመረጥ ግን በምርጫው ክልል ውስጥ 1,000 ብር የሚያወጣ የማይንቀሳቀስ ወይም 2,000 ብር የሚያወጣ የሚንቀሳቀስ ንብረት ያስፈልግ ነበር። በሰው መሬት ላይ የሚያርስ ጭሰኛ ይህን ከየት ያመጣል? ድምፅ ለመስጠት ይጠራል እንጂ ዕጩ ለመሆን በሩ ለእርሱ የተከፈተ አልነበረም። ከዚያ በታች ባለው እርከን፣ በመንደሩ፣ የሚመርጠው ምክር ቤትም አልነበረም።

ስልሳው ቀን

የጊዜ ገደብ ነገር በአርሶ አደሩ ዘንድ በደንብ የታወቀው በ1958 ዓ.ም. በወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ነው። በዚህ ሕግ ቁጥር 323 መሠረት ይግባኝ የሚባለው ፍርዱ ከተሰጠበት ቀን ጀምሮ በ60 ቀን ውስጥ ነው። በዚያን ጊዜ ቦንጋ የከፋ አውራጃ ከተማ ነበረች፤ የጠቅላይ ግዛቱ ርዕሰ ከተማ ደግሞ ጅማ ነበር። ከቦንጋ እስከ ጅማ 110 ኪሎ ሜትር ያህል ነው። በክረምት ጭቃ፣ ከገጠር ቀበሌ ተነስቶ አውራጃው ከተማ ደርሶ፣ የፍርድ ግልባጭ ጠይቆ፣ ራፖር ጸሐፊ ፈልጎ ማመልከቻ አስጽፎ፣ ጅማ ድረስ ወስዶ መዝገብ ለማስከፈት 60 ቀን ብዙ የሚመስለው ያልሄደበት ሰው ነው።

ሕጉ ግን በሩን ሙሉ በሙሉ አልዘጋም። ጊዜው ያለፈበት ሰው በቂ ምክንያት ካለው ይግባኙን ከጊዜ ውጭ ለማቅረብ ፈቃድ እንዲሰጠው ማመልከት ይችላል፤ ይህም በቁጥር 325 እና 326 ተደንግጓል። ሆኖም የጠበቃው ጥፋት እንደ በቂ ምክንያት አይቆጠርለትም። "ጠበቃዬ ረስቶት ነው" ማለት አያዋጣም። ጉዳዩን ለሌላ ሰው ሰጥቶ ወደ እርሻው የሚመለስ ሁሉ ይህን ቢያውቅ መልካም ነው።

በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ ደግሞ ይርጋ እንዴት እንደሚቆጠር በቁጥር 1848 አስቀምጧል። መነሻው ቀን አይቆጠርም። የመጨረሻው ቀን በዓል ላይ ከዋለ ወደሚቀጥለው የሥራ ቀን ይተላለፋል። በዚሁ ሕግ ቁጥር 1149 ይዞታው በኃይል የተነጠቀበት ሰው ክሱን ማቅረብ ያለበት በሁለት ዓመት ውስጥ ነው። ብዙ ሽማግሌዎች የድንበር ጠብን በእርቅ ለመጨረስ ሲያመላልሱ ሁለቱ ዓመት ያልቃል። እርቅ መልካም ነው፤ ቀኑን ግን አያቆመውም።

ገበሬ ማኅበሩና ፍርድ ሸንጎው

የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የገጠር መሬት የሕዝብ ሀብት ሆኖ ታወጀ። በአዋጅ ቁጥር 31/1967 ቢያንስ 800 ሄክታር በሚሆን ቦታ ላይ ገበሬ ማኅበር እንዲቋቋም፣ አንድ ቤተሰብ ከ10 ሄክታር የበለጠ እንዳይዝ ተወሰነ። በዕድገት በኅብረት ዘመቻ ወደ ገጠር የወጡ ተማሪዎች ማኅበራቱን በማደራጀት ተሳተፉ። ለካፋ ገበሬ የመንደሩን አስተዳዳሪ በራሱ ድምፅ መምረጥ የጀመረው ያኔ ነው ማለት ይቻላል። በካፋ ኅብረተሰብ ውስጥ ማንጆ እየተባሉ ከማዕድና ከአደባባይ ይገለሉ ለነበሩ ወገኖችም አዋጁ ትልቅ ትርጉም ነበረው፤ መሬት የማግኘትና በማኅበር የመቀመጥ መብት በሕግ የመጣላቸው በዚህ ነው። በሕግ የመጣው ሁሉ በተግባር ወዲያው አልደረሰም፤ ያ ሌላ ታሪክ ነው።

አዋጁ ያመጣው ሌላው ትልቅ ለውጥ የፍርድ ሸንጎ ነው። የገጠር መሬት ክርክር ከመደበኛው ፍርድ ቤት ወጥቶ ወደ ገበሬ ማኅበሩ ፍርድ ሸንጎ ገባ። በሸንጎው ውሳኔ ያልተደሰተ ሰው ወደ ወረዳ፣ ከዚያም ወደ አውራጃ ሸንጎ ይሄድ ነበር። ከዚህ በፊት ጅማ ድረስ ይኬድበት የነበረው ጉዳይ ቀረበ። መቅረቡ ግን ሁለት ፊት ነበረው። ዳኛው ጎረቤት ነው፤ ሊቀመንበሩ ጎረቤት ነው፤ የሚመሰክረውም የሚከሰሰውም ጎረቤት ነው። ሊቀመንበሩ በእጅ ማውጣት ሲመረጥ እጁን ያላወጣ ሰው ለሁሉም ይታያል። ስብሰባው እንደተጠናቀቀ "ምርጫው ትክክል አልነበረም" ብሎ መነሳት፣ ነገ መሬት ከሚያከፋፍለው ሰው ጋር መጋጨት ነበር። ስለዚህ ከጊዜ ገደቡ ይልቅ ድፍረቱ ነው የጠፋው።

በ1968 ዓ.ም. በወጣው አዋጅ ቁጥር 71 ከሦስት እስከ አሥር የሚሆኑ ገበሬ ማኅበራት ተባብረው የአገልግሎት ኅብረት ሥራ ማኅበር እንዲያቋቁሙ ተደረገ። ዛሬ በአገሪቱ ካሉት መሠረታዊ ኅብረት ሥራ ማኅበራት ብዙዎቹ ሥራቸው ከዚያ ይመዘዛል። ሥርዓቱ ሲዳከምና በ1983 ዓ.ም. ሲወድቅ በብዙ ቦታ የማኅበራቱ መጋዘን ተዘረፈ፤ መዝገባቸውም አብሮ ጠፋ። አባል ያልሆነ ሰው የዘረፈው ብቻ አይደለም፤ አመራሩን "የእኔ ነው" ብሎ ያልተቀበለ አባልም ነበረበት። ቅሬታ የሚቀርብበት ቦታና ጊዜ በሌለበት ቅሬታው መጥፊያ አያገኝም፤ ተከማችቶ አንድ ቀን በሌላ መንገድ ይወጣል።

ከ1984 ዓ.ም. ወዲህ

በሽግግሩ ዘመን በአዋጅ ቁጥር 7/1984 ክልሎች ሲቋቋሙ ካፋ በደቡብ ምዕራብ በኩል ባለው ክልል ውስጥ ተመደበ፤ በኋላም በደቡብ ብሔሮች፣ ብሔረሰቦችና ሕዝቦች ክልል ሥር ሆነ። የክልልና የወረዳ ምክር ቤቶች ምርጫ ሰኔ 14 ቀን 1984 ዓ.ም. ተካሄደ። በ1985 ዓ.ም. በአዋጅ ቁጥር 64 ብሔራዊ ምርጫ ቦርድ ተቋቋመ። በ1987 ዓ.ም. ሕገ መንግሥቱ ሲጸድቅ በአንቀጽ 38 የመምረጥና የመመረጥ መብት፣ በአንቀጽ 37 ጉዳይን ለፍርድ ቤት ወይም የዳኝነት ሥልጣን ላለው አካል የማቅረብ መብት ተረጋገጠ። የዕድሜ ወሰኑ ወደ 18 ዓመት ወረደ። ንብረት ያለው ብቻ ይመረጥ የሚለውም ቀረ።

የቀበሌ ምርጫ ግን እውነተኛ ክብደቱን ያገኘው በ2000 ዓ.ም. ነው። ሚያዝያ 5 እና 12 በተካሄደው የአካባቢ ምርጫ የአንድ ቀበሌ ምክር ቤት አባላት ቁጥር እስከ 300 ደረሰ። በመላው አገሪቱ ለውድድር የቀረበው ወንበር ከሦስት ሚሊዮን ተኩል ይበልጥ ነበር። በኢትዮጵያ ታሪክ ከዚያ በፊት ይህን ያህል ሰው በአንድ ጊዜ ተመርጦ አያውቅም ነበር። የተቃዋሚው ኅብረት ዕጩዎቹን ማስመዝገብ እንዳልቻለ በመግለጽ ምርጫው ጥቂት ቀናት ሲቀሩት ራሱን አገለለ። ወንበሩንም ከሞላ ጎደል በሙሉ ኢሕአዴግ ያዘው። ሚያዝያ 6 እና 13 ቀን 2005 ዓ.ም. በተካሄደው ቀጣዩ ምርጫም 33 ፓርቲዎች አልተሳተፉም። በ2000 ዓ.ም. የኅብረቱ ቅሬታ የተነሳው በድምፅ ቆጠራው ላይ ሳይሆን ከዚያ በፊት በዕጩ ምዝገባው ላይ መሆኑን ልብ ይሏል። ይህ ነጥብ ከጊዜ ገደቡ ጋር በቀጥታ ይገናኛል።

ቅሬታው የሚቀርብለት አካልና ሰዓቱ

እነዚህ ሁለት የአካባቢ ምርጫዎች የተመሩት በ1999 ዓ.ም. በወጣው የተሻሻለው የምርጫ ሕግ፣ በአዋጅ ቁጥር 532 ነበር። ሕጉ ከምርጫ ጣቢያ ጀምሮ በየእርከኑ ቅሬታ ሰሚ ኮሚቴ እንዲኖር አድርጓል። ቅሬታው መጀመሪያ ሰውየው ባለበት ምርጫ ጣቢያ ይታያል፤ ከዚያ ወደ ምርጫ ክልል ጽሕፈት ቤት፣ ወደ ቦርዱ፣ በመጨረሻም ወደ ፍርድ ቤት ያመራል። በ2011 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቁጥር 1162ም ይህንኑ የእርከን አሠራር ይዞ ቀጥሏል። በሁለቱም ሕጎች ጊዜው የሚለካው እንደ ፍትሐ ብሔር ይግባኝ በ60 ቀን አይደለም፤ በሰዓትና በጥቂት ቀናት ነው።

ይህን ለመረዳት ቅሬታዎቹን በዓይነታቸው መለየት ያስፈልጋል። አንደኛው የምዝገባ ቅሬታ ነው፤ "ስሜ ከመራጮች መዝገብ ቀረ" ወይም "እዚህ የማይኖር ሰው ተመዘገበ" የሚል። ሁለተኛው የዕጩነት ቅሬታ ነው። ሦስተኛው በድምፅ አሰጣጥ፣ በቆጠራና በውጤት ላይ የሚነሳው ነው። የየአንዳንዱ ሰዓት የሚጀምረው በተለያየ ጊዜ ነው። ስሙ ከመዝገብ የቀረ ሰው ቅሬታውን እስከ ምርጫው ዕለት ይዞት ከቆየ፣ በዚያን ዕለት የሚነግረው ኮሚቴ ስለ ድምፅ አሰጣጡ ነው የሚጠይቀው፤ የመዝገቡ ጊዜ አልፏል። ዕጩነቱ የተከለከለ ሰውም ድምፅ ከተቆጠረ በኋላ "እኔ ብወዳደር ኖሮ" ቢል የሚሰማው የለም። በ2000 ዓ.ም. ቅሬታው በምዝገባው ወቅት መነሳቱ ለዚህ ነው ትርጉም ያለው፤ ያ በር አንዴ ከተዘጋ በሚቀጥለው በር አይገባበትም።

ጊዜው ለምን አጠረ? ምክንያቱ ግልጽ ነው። የመራጮች መዝገብ ላይ የሚነሳ ክርክር ድምፅ ከተሰጠ በኋላ ቢወሰን ፋይዳ የለውም። ምክር ቤቱም ተሰብስቦ አፈ ጉባዔና ሊቀመንበር ካልመረጠ ቀበሌው ያለ አስተዳደር ይቀራል። ዘር የሚዘራበት፣ ማዳበሪያ የሚከፋፈልበት ወቅት ክርክሩ እስኪያልቅ አይጠብቅም። ስለዚህ ማጠሩ በራሱ ጥፋት አይደለም።

የሌሎችን አገሮች ልምድ ስናይም ሁሉም ጋ ገደብ አለ፤ የሚለያዩት በልኩ ነው። በጎረቤት ኬንያ እ.ኤ.አ. በ2010 በጸደቀው ሕገ መንግሥት መሠረት ከፕሬዚዳንቱ በስተቀር የሌሎች ምርጫዎች አቤቱታ ውጤቱ በተገለጸ በ28 ቀን ውስጥ ለፍርድ ቤት ይቀርባል። የፕሬዚዳንቱ በሰባት ቀን ቀርቦ በ14 ቀን ይወሰናል። እ.ኤ.አ. በ2017 የኬንያ ጠቅላይ ፍርድ ቤት የፕሬዚዳንት ምርጫውን የሰረዘው በዚሁ 14 ቀን ውስጥ ነበር። በእንግሊዝ የአካባቢ ምክር ቤት ምርጫ አቤቱታ በ21 ቀን፣ በሕንድ የፓርላማ ምርጫ አቤቱታ በ45 ቀን ውስጥ መቅረብ አለበት። የሕንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት እ.ኤ.አ. በ1974 በሰጠው ውሳኔ፣ በቂ ምክንያት ቢኖርም እንኳ ፍርድ ቤቶች ይህን 45 ቀን ሊያራዝሙት እንደማይችሉ ገልጿል። እዚህ ላይ ከኢትዮጵያ የፍትሐ ብሔር ይግባኝ ጋር ያለው ልዩነት በደንብ ይታያል። አንዳንዱ ገደብ በበቂ ምክንያት ይከፈታል፤ አንዳንዱ አንዴ ከተዘጋ ተዘጋ ነው። የምርጫ ገደብ በየትኛውም አገር ወደ ሁለተኛው ያደላል።

በቀን ቢለካም በእግር ይሄዳል

የካፋ ችግር ታዲያ የት ላይ ነው? ገደቡ የተጻፈው በሰዓት ነው፤ ሰውየው የሚጓዘው በእግሩ ነው። ዴቻ ወረዳ ከደጋው ተነስቶ እስከ ኦሞ ቆላ ድረስ የተዘረጋ ሰፊ ወረዳ ነው። ከቆላው ቀበሌ የሚነሳ አርሶ አደር የጣቢያው ኮሚቴ ቅሬታውን ሳይቀበለው ቀረ እንበል። ውሳኔውን በጽሑፍ ይዞ ወደሚቀጥለው እርከን ለመድረስ ወንዝ ይሻገራል፣ ጭሪ ለመድረስ ያድራል። ጭሪ ደርሶ ኃላፊው ለስብሰባ ቦንጋ ሄዷል ቢባል ያችው ዕለት ከቁጥሩ ትወጣለታለች? አትወጣለትም። በዋቻ ዙሪያ ያለው የጨና አርሶ አደር ግን በሁለት ሰዓት ጉዞ ጽሕፈት ቤቱ በር ላይ ይገኝ ይሆናል። ሕጉ ለሁለቱም አንድ ነው፤ ለሁለቱም የሚሰጠው ጊዜ ግን በተግባር አንድ አይደለም።

ወቅቱም አለ። በሚያዝያ ወር በካፋ የበልጉ ዝናብ ጀምሯል። የ1984ቱ የክልልና የወረዳ ምርጫ ሰኔ 14 ነበር፤ በአገሪቱ አብዛኛው ክፍል የተካሄደው ስድስተኛው አጠቃላይ ምርጫም ሰኔ 14 ቀን 2013 ዓ.ም. ነበር። ሁለቱም በክረምት ደጃፍ። የአዲስ አበባ ሰው ሰኔን በዣንጥላ ያልፈዋል፤ የካፋ አርሶ አደር ሰኔን የሚያውቀው በሞላ ወንዝና በተቆረጠ መንገድ ነው። የምርጫ ቀን የሚወስኑ ሰዎች የሚያስቡት ስለ ድምፅ መስጫው ቀን ነው፤ ከዚያ በኋላ ስላሉት ጥቂት የቅሬታ ቀናት ማሰብም ያስፈልጋቸው ነበር።

ሌላው ነገር የቀን አቆጣጠሩ ራሱ ነው። "30 ቀን" ሲባል ብዙ ሰው "አንድ ወር" ብሎ ይይዘዋል። በኢትዮጵያ አቆጣጠር ወሩ 30 ቀን ስለሆነ ይህ አብዛኛውን ጊዜ ጉዳት የለውም። ጳጉሜን የመጣች ጊዜ ግን ይጎዳል። ውሳኔው ነሐሴ 15 ቀን የደረሰውና 30 ቀን የተሰጠው ሰው፣ መነሻው ቀን ሳይቆጠር፣ ነሐሴ 15 ቀን፣ ጳጉሜን 5 ቀን ወስደው የቀረው 10 ቀን ብቻ ነው፤ ገደቡ መስከረም 10 ላይ ያበቃል። እርሱ ግን "እስከ መስከረም 15 አለኝ" ብሎ የእንቁጣጣሽን በዓል አሳልፎ ይመጣል። ጳጉሜን ስድስት በምትሆንበት ዓመት ደግሞ መስከረም 9 ነው። 30 ቀን ለአርሶ አደሩ እንግዳ ቁጥር አይደለም፤ በ1997 ዓ.ም. በወጣው የመሬት ማስለቀቂያና የካሣ አዋጅ ቁጥር 455 በካሣው መጠን ቅር የተሰኘ ሰው ይግባኙን የሚያቀርበው በ30 ቀን ነበር። በመንገድ ሥራ ወይም በኢንቨስትመንት ምክንያት ቡናው የተነቀለበት ሰው በዚህች በአምስት ቀን ስህተት ካሣውን የመከራከር ዕድል ሊያጣ ይችል ነበር።

ከሁሉ በላይ ግን የሚያስቸግረው መነሻው ነው። ገደቡ የሚቆጠረው ከምንድን ነው? ውጤቱ ከተለጠፈበት? ሰውየው ካወቀበት? ውሳኔው በጽሑፍ ከተሰጠው? ጣቢያው ላይ "አይሆንም፣ ሂድ" ተብሎ በቃል የተመለሰ ሰው ከየትኛው ቀን ይቆጥራል? ወረቀት የሌለው ሰው ቀኑም የለውም። ሁለተኛው እርከን ሲደርስ "ውሳኔው የታለ?" ይባላል፤ የለውም። ተመልሶ ሲጠይቅ "ጊዜው አልፏል" ይባላል። በቃል ያለ ይረሳል፣ በጽሑፍ ያለ ይወረሳል የሚለው የአባቶች ብሂል ለዚህ ጉዳይ የተነገረ ይመስላል። እዚህ ላይ የአስተዳደርና የምርጫ ኃላፊዎች ድርሻ ከአርሶ አደሩ ድርሻ ይበልጣል፤ ቅሬታውን ባይቀበሉት እንኳ አለመቀበላቸውን ቀንና ሰዓት ጠቅሰው፣ ፈርመው መስጠት የእነርሱ ግዴታ ነው። ይህን ወረቀት የከለከለ ሰው ቅሬታውን ብቻ ሳይሆን ቀጣዩን እርከን ሁሉ ነው የዘጋው።

በማኅበሩ ቤት

ይህ ሁሉ በቀበሌ ብቻ የሚታይ አይደለም። በ1991 ዓ.ም. የወጣው የኅብረት ሥራ ማኅበራት አዋጅ ቁጥር 147 ለእያንዳንዱ አባል አንድ ድምፅ ሰጠ። የሥራ አመራር ኮሚቴው የሥራ ዘመን ሦስት ዓመት እንዲሆን፣ አንድ ሰውም በተከታታይ ከሁለት ጊዜ በላይ እንዳይመረጥ ደነገገ። በ1990ዎቹ ሁለተኛ አጋማሽ ዩኒየኑ በቦንጋ ሲቋቋም የተመራው በዚሁ አዋጅ ነበር። በ2009 ዓ.ም. አዋጁን አዋጅ ቁጥር 985 ተክቶታል። በሁለቱም አዋጆች በማኅበር ውስጥ የሚነሳ ክርክር በመጀመሪያ በእርቅ፣ ካልሆነም በሽምግልና ዳኝነት ይታያል።

ከሥራ ልምድ እንደሚታየው በማኅበር ምርጫ ላይ የሚነሳው ቅሬታ በጠቅላላ ጉባዔው ዕለት አይደለም የሚሰማው። በዚያ ዕለት ሁሉም አጨብጭቦ ይለያል። ቅሬታው የሚመጣው ከወራት በኋላ፣ የትርፍ ክፍፍል ሲደርስ ወይም የቀይ እሸት ቡና ዋጋ ሲወርድ ነው። "ድሮም ሊቀመንበሩ ምልዓተ ጉባዔ ሳይሞላ ነው የተመረጠው" ይባላል። እውነት ሊሆን ይችላል። ነገር ግን ቃለ ጉባዔው ላይ ስንት አባል እንደተገኘ አልተጻፈም፤ ተቃውሞ መነሳቱም አልተጻፈም፤ የተቃወመው ሰውም ዝም ብሎ ፈርሟል። ካልተናገሩ ደጃዝማችነት ይቀራል እንደሚባለው፣ በሰዓቱ ያልተነገረና ያልተጻፈ ተቃውሞ ከጊዜ በኋላ ሐሜት ይመስላል፤ ለሸምጋዮቹም የሚይዙት ነገር አይሰጣቸውም። በአንጻሩ ጸሐፊው የተገኙትን አባላት ቁጥር፣ የተሰጠውን ድምፅ፣ የተቃወመውን አባል ሐሳብና ስብሰባው ያበቃበትን ሰዓት የጻፈበት ቃለ ጉባዔ ከዓመት በኋላም ክርክሩን በግማሽ ያሳጥረዋል። በዚህ ረገድ የቁጥጥር ኮሚቴው ሥራ ሒሳብ መመርመር ብቻ ነው ብሎ ማሰብ ስህተት ነው።

ወደ ቀበሌው ስንመለስ፣ በ2010 ዓ.ም. መካሄድ የነበረበት የአካባቢ ምርጫ ተራዘመ፤ በ2011 ዓ.ም. እንደገና ተራዘመ። በ2005 ዓ.ም. የ13 ዓመት ልጅ የነበረ የካፋ ወጣት በ2010 ዓ.ም. 18 ሲሞላው ካርድ የሚወስድበት የቀበሌ ምርጫ አላገኘም። በመካከሉ ግን ሌላ ድምፅ ተሰጠ። መስከረም 20 ቀን 2014 ዓ.ም. በካፋ፣ በሸካ፣ በቤንች ሸኮ፣ በዳውሮ፣ በምዕራብ ኦሞ ዞኖችና በኮንታ ልዩ ወረዳ ሕዝበ ውሳኔ ተካሄደ። ድምፅ ከሰጡት 1,262,679 ሰዎች 1,221,092ቱ አዲስ ክልል እንዲመሠረት ወሰኑ፤ 24,024ቱ በነበሩበት መቀጠልን መረጡ፤ 17,563 ድምፅ ዋጋ አልባ ሆነ። በኅዳር ወር 2014 ዓ.ም. የደቡብ ምዕራብ ኢትዮጵያ ሕዝቦች ክልል ተመሠረተ፤ ቦንጋም የክልሉ መቀመጫ ከሆኑት ከተሞች አንዷ ሆነች። ከጅማ ይልቅ፣ ከሐዋሳም ይልቅ የክልሉ ጽሕፈት ቤት ለካፋ አርሶ አደር ቀረበ። በ60 ቀን ውስጥ ጅማ ደርሶ ለመመለስ የተንገላታው የአያቱ መንገድ ለእርሱ አጥሯል።

ለዴቻው ቆላ ግን ቦንጋ አሁንም ሩቅ ናት። የቀበሌ ምርጫ በሚካሄድበት ጊዜ በዚያ ያሉ የመሠረታዊ ማኅበራት አባላት ካርድ ለመውሰድ ሲሄዱ እግረ መንገዳቸውን ሦስት ነገር መጠየቅ ይችላሉ፤ የጣቢያው ቅሬታ ሰሚ ኮሚቴ አባላት እነማን እንደሆኑ፣ ቅሬታው በጽሑፍ ሲቀርብ ማን ፈርሞ እንደሚቀበልና የሚቀጥለው እርከን ጽሕፈት ቤት በስንተኛው ሰዓት በሩን እንደሚዘጋ።